ቆሼ ሰባት ዓመት ወደ ኋላ አልቀረችም

በየጥቂት ወሩ አንድ ዓይነት ቪዲዮ ይመጣል። አንድ የውጭ አገር ወጣት ቦሌ ይወርድና ስልኩን ፊቱ ላይ ደቅኖ «ያለፈ ዘመን ውስጥ ገባሁ፤ እዚህ አገር ጊዜ ሰባት ዓመት ዘግይቷል» ይላል። ሚሊዮን ሰው ያየዋል። ከሥሩ የሚጎርፈው አስተያየት ደግሞ ከቪዲዮው ይብሳል። ግማሹ ሐበሻ «ና፣ ሰባት ዓመት ወጣት ሁን» እያለ ይጋብዛል። ሌላው ግማሽ «ለዚህ እኮ ነው ያላደግነው» ብሎ ያለቅሳል። ሁለቱም ወገን አንድ ነገር ተቀብሏል፦ ኢትዮጵያ ጊዜ የተጣመመባት ጉድጓድ ናት፤ የቀረው ዓለም በሩጫ ሲያልፍ እዚህ ሰዓቱ ተንቀራፎ የቀረባት ናት።

ይህ ውሸት ነው። ውሸት ብቻ ቢሆን ኖሮ ተስቆ ይታለፍ ነበር። ነገር ግን ዋጋ የሚያስከፍል ውሸት ነው፤ የሚከፍለውም ቪዲዮ የሚሠራው ወጣት አይደለም።

ወሬውን ወደ ቆሼ ውሰዱት። ቆሼ ሲባል የአዲስ አበባው የቆሻሻ ክምር ትዝ የሚለው ብዙ ነው። እዚህ የሚነሳው ግን ከተማዋ ቆሼ ናት፤ በቡታጅራና በዝዋይ መካከል ያለችው፣ የማረቆ መቀመጫ፣ ስሙ ከሀገር አልፎ የተጠራው የማረቆ በርበሬ መገኛ። የቆሼ ገበሬ በርበሬውን በሰኔ ዝናብ እያየ ይተክላል። በዚያ አካባቢ ሙስሊሙ ረመዳንን በጨረቃ ይቆጥራል፤ ክርስቲያኑ መስቀልን በመስከረም ይጠብቃል። ከአዲስ አበባ፣ ከሐዋሳ፣ ከየትም ነግዶ የሚያድር የአካባቢው ተወላጅ ወይ ለአረፋ ወይ ለመስቀል አገሩ ይገባል። አረፋ በየዓመቱ ወደ አሥራ አንድ ቀን ገደማ ወደ ፊት እየመጣ ወራቱን ሁሉ ይዞራል፤ መስቀል ከቦታው አይነቃነቅም። ይህን ማንም ተምታቶበት አያውቅም። ልጁ ጅዳ ያለ ቤተሰብ ደግሞ የፈረንጁንም ወር ይጨምርበታል። በአንድ ግቢ ውስጥ ሦስት ቆጠራ ይኖራል። እንዲህ ያለውን ሰው «ጊዜ የጠፋበት» ማለት ሦስት ቋንቋ የሚናገርን ሰው ዲዳ እንደማለት ነው።

ጊዜ የሚጣመምባቸው ኪሶች በልብ ወለድ ዓለም ውስጥ የተለመዱ ናቸው። የቅዠት ዓለም የሚፈጥሩ ደራሲዎችና የኮምፒውተር ጨዋታ ሠሪዎች ካርታቸው ላይ አንድ ሸለቆ ወይም አንድ ጫካ ይተዉና «እዚህ የገባ አንድ ሌሊት አድሮ ሲወጣ ውጭው መቶ ዓመት አልፎታል» ይላሉ። ሐሳቡ ለዚህ አገር ሰው እንግዳ አይደለም። በተረፈ ባሮክ ያለው የአቤሜሌክ ታሪክ ይኸው ነው። ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ በለስ ለቅሞ ሲመለስ ዛፍ ጥላ ሥር ጥቂት ልረፍ ብሎ 66 ዓመት ተኛ። ሲነሳ ኢየሩሳሌም ፈርሳለች፤ ሕዝቡ ባቢሎን ተማርኳል፤ በሙዳዩ ያለው በለስ ግን ገና ወተቱ አልደረቀም። በለሱ ነው ማስረጃው። ዛፉ ሥር በእርግጥ ጊዜ ቆሟል።

በቆሼ መስጊዶች ደግሞ ጁምዓ በመጣ ቁጥር ሱረቱል ከህፍን የሚቀራ ሰው አይጠፋም። የዋሻው ወጣቶች ተኝተው ሲነሱ አንድ ቀን ወይም የቀን ከፊል የቆዩ መስሏቸው አንዱን የብር ገንዘብ አስይዘው ምግብ እንዲገዛ ወደ ከተማ ይልኩታል። ቁርኣን የቆዩበትን ሲናገር ሦስት መቶ ዓመት ይልና ዘጠኝ ይጨምራል። ሙፈሲሮች በዚህ ዘጠኝ ላይ የሰጡት ማብራሪያ ለዚህ ጽሑፍ ጉዳይ ከምንም በላይ ይጠቅማል፦ ሦስት መቶ የፀሐይ ዓመት በጨረቃ ሲቆጠር ሦስት መቶ ዘጠኝ ገደማ ይሆናል። ስሌቱን ማንም መሞከር ይችላል፤ የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ከሩብ ገደማ፣ የጨረቃ ዓመት 354 ቀን ገደማ ነው። እንግዲህ ወጣቶቹ 300 ዓመት ተኙ የሚለውም 309 ተኙ የሚለውም ስለ አንድ እንቅልፍ ነው የሚናገሩት። በጨረቃ የሚቆጥረው ሰው ዘጠኝ ዓመት ቀድሞ አልነቃም። በፀሐይ የሚቆጥረውም ዘጠኝ ዓመት ወደ ኋላ አልቀረም።

እንቅልፉ ሌላ፣ ቆጠራው ሌላ። ስለ ኢትዮጵያ የሚወራው ቅዠት የሚበቅለው ሁለቱን ከማምታታት ነው።

አሁን «ሰባት ዓመት» ወደሚባለው ቁጥር እንምጣ። መጀመሪያ ነገር ቁጥሩ ራሱ ለአብዛኛው የዓመቱ ክፍል ስህተት ነው። ልዩነቱ ሰባት የሚሆነው ከመስከረም 1 እስከ ፈረንጆቹ ዲሴምበር መጨረሻ ነው፤ አራት ወር እንኳ አይሞላም። ጃንዋሪ 1 ከገባ፣ ማለትም ከታኅሣሥ 23 (አንዳንድ ዓመት ከ22) ጀምሮ እስከ ጳጉሜን ማለቂያ ልዩነቱ ስምንት ነው። «ሰባት ዓመት ወጣት ትሆናለህ» ብሎ ቲሸርት ላይ የሚያሳትመው ሰው ከዓመቱ ሁለት ሦስተኛውን ተሳስቶ ይውላል።

ሁለተኛው፣ ብዙ የተማረ ሰው ሳይቀር የሚደግመው ተረት አለ፦ «የሮማው ጳጳስ ካላንደሩን ሲቀይር ሰባት ዓመት ጠፋ» የሚል። ጳጳሱ ጎርጎርዮስ 13ኛ እ.ኤ.አ በ1582 ያወጡት ማስተካከያ የዘለለው አሥር ቀን ነው። አንድ ዓመት እንኳ አልነካም። የዓመታቱ ልዩነት የመጣው ከዚያ ከሺህ ዓመት በላይ አስቀድሞ፣ ጌታ የተወለደው መቼ ነው በሚለው ስሌት ላይ ነው። የእስክንድርያው መነኩሴ አንያኖስ በአምስተኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ ግድም ያወጣው ስሌት አንድ ቁጥር ሰጠ። ባሕረ ሐሳብ የሚማር ተማሪ አምስት ሺህ አምስት መቶ ዘመን ብሎ የሚጀምረው በዚሁ መስመር ነው። እ.ኤ.አ በ525 ደግሞ ሮም የነበረው መነኩሴ ዲዮናስዮስ በራሱ መንገድ ሌላ ቁጥር አወጣ፤ አውሮፓ ቀስ በቀስ ያንን ያዘ። ታላቁ የእስክንድርያው ነው። የዘገየም የቸኮለም የለም፤ ሁለት መነኮሳት ያንኑ መንገድ ከተለያየ ምሰሶ ለኩት።

ይህን ሲሰማ ደረቱን የሚነፋም አለ። «አየህ፣ ትክክለኛው የኛ ነው፤ ዓለም ነው ሰባት ዓመት የተሳሳተው» ይላል። ይህም ያው ቅዠት ነው፤ የተገለበጠ ብቻ። በማቴዎስ ወንጌል ጌታ የተወለደው ሄሮድስ በነገሠበት ዘመን ነው። አብዛኛው የታሪክ ጸሐፊ ደግሞ ሄሮድስ የሞተው ፈረንጁ አንድ ብሎ ከሚጀምርበት ዓመት አራት ዓመት ቀድሞ ነው ይላል። በዚህ ሚዛን ሁለቱም ቆጠራዎች ዘግይተው ይጀምራሉ፤ ይበልጥ የሚርቀውም የኢትዮጵያው ነው። የአገር ኩራት በዚህ ላይ ይቁም ከተባለ መሬቱ ይሰምጣል። ቆጠራው የሚከበረው ሰው ስለሚኖርበት ነው፤ ዕዳ የሚከፈልበት፣ ሰርግ የሚደገስበት፣ ሙት ዓመት የሚታሰብበት ስለሆነ ነው። ከዚያ ሌላ የልደት ሰርተፍኬት አያስፈልገውም።

ታይላንድ ከፈረንጁ ቆጠራ 543 ዓመት ትቀድማለች። ባንኮክ ወርዶ «ወደ መጪው ዘመን ተጓዝኩ፤ መድኃኒት ያልተገኘለት በሽታ ሁሉ እዚህ ተፈውሷል» የሚል ቱሪስት የለም። ጃፓን በአዲስ ንጉሠ ነገሥት ዘመን ከአንድ ጀምራ ትቆጥራለች፤ እ.ኤ.አ 2019 ለሬይዋ ዘመን አንደኛ ዓመት ነበር። ማንም ቶኪዮን ከሁለት ሺህ ዓመት በፊት ያለች ከተማ አላላትም። ሩሲያ የጥቅምት አብዮቷን በኖቬምበር ስታከብር ኖረች። ነገሩ ድሃ አገር ላይ ሲደርስ ብቻ ነው ቆጠራ ወደ ኋላ መቅረት የሚሆነው። የቪዲዮው ቀልድ ጥርስ ያለው እዚህ ላይ ነው። ሰውየው መኪና ያላት፣ ስልክ ያላት፣ ሞባይል ባንኪንግ የምትጠቀም ከተማ መሃል ቆሞ አህያ ሲያልፍ ካሜራውን ወደ አህያዋ ያዞራል። አህያዋም የምትኖረው ዛሬ ነው። ጀርባዋ ላይ ያለው ኩንታል የሚሸጠው በዛሬ ዋጋ ነው።

እና ፈረንጁን ብቻ መውቀስ አይገባም። ሸቀጡን የሚያቀርብለት ሐበሻ ነው። የኢትዮጵያ ቱሪዝም አባት የሚባሉት ሀብተ ሥላሴ ታፈሰ እ.ኤ.አ በ1960ዎቹ «የ13 ወር ፀጋ» የሚለውን መፈክር ሲያወጡ የሚሸጡት ፀሐይ ነበር፤ ዓመቱ 13 ወር ነው፣ በ13ቱም ፀሐይ አለ። እውነት ነው፣ ብልህነትም አለው። ከዚያ ወዲህ የመጣው ግን ሰነፍ ነጋዴ ነው። በ2000 ዓ.ም መባቻ፣ ሌላው ዓለም ሚሌኒየሙን አክብሮ ሰባት ዓመት ከስምንት ወር ካለፈው በኋላ፣ ኢትዮጵያ የራሷን ስታከብር ዓለም መጥቶ አየ። በዚያ ጊዜ ቆጠራውን ማስረዳት ይቻል ነበር። ብዙው አስጎብኚና ብዙው ጋዜጠኛ ግን አቋራጩን መረጠ፦ «ሰባት ዓመት ወጣት ይሁኑ!» ቀልዱ ሠራ። እስከ ዛሬ ይሸጣል።

ለቀልድ ፈላጊ አንድ እውነተኛ የጊዜ መጣመም እዚሁ አካባቢ አለ። አንስታይን ባሳየው መሠረት ከፍ ያለ ቦታ ላይ ያለ ሰዓት ዝቅ ካለው ይፈጥናል። ጂፒኤስ የሚሠራው የሳተላይቶቹ ሰዓት በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ ገደማ ስለሚቀድም ያ ታርሞ ነው። ከቡታጅራ በላይ ያለው ዘቢዳር ተራራ ጫፍ ከቆሼ ሜዳ ከአንድ ሺህ አምስት መቶ ሜትር በላይ ይበልጣል። ዘቢዳር ላይ የተቀመጠ የአቶም ሰዓት በዓመት ከሰከንድ ሚሊዮንኛ አምስት ወይም ስድስቱን ያህል ቆሼ ያለውን ይቀድማል። ቆሼ ወደ ኋላ ቀረች ከተባለ የቀረችው ይህንኑ ታህል ነው፤ አዲስ አበባም ከእንጦጦ ጫፍ አንጻር ያው ዕጣ አላት።

ታዲያ ዋጋው የታለ? ዋጋው ያለው ሁለቱ ቆጠራዎች ያለ ምልክት በሚገናኙበት ቦታ ነው። አንድ ነጠላ ቆጠራ ማንንም አያሳስትም። የሚያሳስተው ባዶውን የተጻፈ ቁጥር ነው።

የግብርና መድኃኒት የሚሸጥበትን ሱቅ እንውሰድ። የበርበሬ ችግኝ ይጠወልጋል፤ ገበሬው ወደ ሱቁ ይመጣል። ባለሱቁ ጠርሙስ ያወርዳል። ጠርሙሱ ላይ በእንግሊዝኛ ፊደል ማብቂያው 06/2024 ተብሎ ታትሟል። ዘንድሮ 2018 ዓ.ም ነው። እንደ ኢትዮጵያዊ ላነበበው ይህ ቁጥር የካቲት 2024 ነው፤ ገና ስድስት ዓመት ገደማ ቀርቶታል። «አባባ፣ አይጨነቁ፣ ገና ነው» ቢል ባለሱቁ መዋሸቱ አይደለም፤ ያነበበውን ነው የተናገረው። መድኃኒቱ ግን ያበቃው በ2016 ዓ.ም ሰኔ ላይ ነው። ወሩም ተሳስቷል፣ ዓመቱም ተሳስቷል፤ የወሩ ስህተት ጥቂት ወር ወደ ኋላ ቢጎትትም የዓመቱ ስህተት ይውጠዋል፦ የሞተውን ሕያው ያስመስላል።

ይህን ልብ በሉ። የፈረንጁ ቁጥር ምንጊዜም ስለሚበልጥ፣ ያለፈበት ዕቃ ሁሉ ለኢትዮጵያ ዓይን ገና ያላለፈ ሆኖ ነው የሚታየው። በተቃራኒው ቢሆን ኖሮ ጉዳቱ ደህና ዕቃ መጣል ብቻ በሆነ። አሁን ግን ስህተቱ የሚያደላው ወደ አደጋው ነው። በጠርሙሱ ምትክ የሕፃን ሽሮፕ አስቡበት። የስኳር ሕመምተኛ ኢንሱሊን አስቡበት። ፋርማሲስት የተማረ ነው፣ ይህን አይስትም ይባል ይሆናል። እሺ። ግን መድኃኒቱ ከፋርማሲው ወጥቶ ቤት ይገባል፤ ኮመዲኖ ላይ፣ ሣጥን ውስጥ ይቀመጣል፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ሌሊት ልጅ ሲያተኩሰው በባትሪ መብራት የምታነበው እናቱ ናት። ቁጥሩን በምትኖርበት ቆጠራ ብታነበው ምን ጥፋት አለባት?

ሰዓቱም አለ። ከማረቆ፣ ከመስቃን፣ ከስልጤ፣ ከሶዶ ስንት ልጅ ወደ ዓረብ አገር ይሄዳል። የአውሮፕላን ትኬት ላይ «ረቡዕ 01:30» ተብሎ ይታተማል። ቤተሰብ ተሰብስቦ ያነበዋል። አንዱ ጠዋት አንድ ሰዓት ተኩል ነው ይላል። ሌላው ነቃ ያለው፣ የለም፣ የፈረንጅ ስለሆነ ሌሊት ሰባት ሰዓት ተኩል ነው ይላል፤ ትክክል ነው። ስለዚህ ረቡዕ ማታ ተሸኝታ ቦሌ ትደርሳለች። አውሮፕላኑ ትናንት ሄዷል። ፈረንጁ ቀኑን የሚቀይረው ሌሊት ስድስት ሰዓት ላይ ስለሆነ ያ በረራ ሐበሻ «ማክሰኞ ሌሊት» የሚለው ነበር። አማርኛ ለዚህ ቃል አጥቶ አይደለም፤ «ለረቡዕ አጥቢያ» የሚባል ስንት ዘመን የኖረ፣ ምንም የማያሻማ አነጋገር አለ። ትኬት ቆራጩ ሦስት ቃል ቢጽፍላት፣ «ለረቡዕ አጥቢያ ሌሊት 7፡30»፣ ቤተሰቡ ተበድሮ የከፈለው ገንዘብ አይቀልጥም ነበር።

የሰዓቱን ነገር ለማሾፍ የሚቸኩል ሰው ደግሞ ካርታ ይይ። ቆሼ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን ስምንት ዲግሪ ግድም ላይ ናት። እዚያ ረጅሙ ቀንና አጭሩ ቀን የሚለያዩት በአንድ ሰዓት ገደማ ነው። ፀሐይ ሁልጊዜ አሥራ ሁለት ሰዓት አካባቢ ስለምትወጣ ከእሷ ጀምሮ መቁጠር ዓመቱን ሙሉ ያስኬዳል። ለንደን ላይ ቢሞከር አያስኬድም፤ በታኅሣሥ ቀኑ ስምንት ሰዓት አይሞላም፣ በሰኔ ከአሥራ ስድስት ይበልጣል። ስዋሂሊ ተናጋሪውም የጠዋቱን አንድ ሰዓት አንድ ነው የሚለው። ቆጠራው ከቦታው የበቀለ ነው።

ከሁሉ የከፋው ግን የልደት ቀን ነው። በ1990 ዓ.ም መስከረም የተወለደ ልጅ በፈረንጅ 1997 ነው። አንድ ጸሐፊ 1990ን ሳይቀይር በፈረንጁ ቅጽ ላይ ቢገለብጠው ልጁ በአንድ ብዕር ጭረት ሰባት ዓመት አረጀ። በሌላ ቢሮ ያለ ጸሐፊ ደግሞ 1997ን አይቶ ዓ.ም ቢያደርገው በወረቀት ላይ ለሥራ ያልደረሰ ሕፃን ሆነ። በስልሳ ዓመቱ ጡረታ የሚወጣ ሠራተኛ በዚህ ጭረት ሰባት ዓመት ደመወዝ ያጣል ወይም ያተርፋል። ስደተኛ ሆኖ ምዕራብ አገር የገባው ደግሞ ቀኑ አልታወቀም ተብሎ ጃንዋሪ 1 ይጻፍለታል፤ በአንድ አዳራሽ ውስጥ የተሰበሰቡ ሐበሾች ልደታቸው በአንድ ቀን ሲውል መሳቅ ይቻላል፣ ግን የእናታቸው ምጥ ነው የተሰረዘው።

ይህ አካባቢ በዚህ ጉዳይ ላይ ከሌላው ይልቅ የሚናገረው ነገር አለ። እ.ኤ.አ በ1986 የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ከስዊድኑ የኡሜኦ ዩኒቨርሲቲ ጋር በመሆን የቡታጅራን የገጠር ጤና ፕሮግራም ሲጀምር ምርምሩ የተተከለው በዚያን ጊዜው የመስቃንና ማረቆ ወረዳ ነበር። አሥር ቀበሌ ተመርጦ ማን ተወለደ፣ ማን ሞተ፣ ማን ገባ፣ ማን ወጣ ተብሎ ቤት ለቤት ሲመዘገብ ኖረ። ወረቀት በሌለበት አገር «ልጅሽ መቼ ተወለደ?» ብሎ መጠየቅ ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቀው እንዲህ ያለውን ሥራ የሠራ ነው። በየትም አገር በእንዲህ ዓይነት ምዝገባ የተለመደው ዘዴ ክስተት ማስታወስ ነው፦ ንጉሡ በወረዱ ዓመት ነው? በ77 ድርቅ ነው? በመንደር ምሥረታ ነው? ደርግ ሳይወድቅ ነው ወድቆ? እናትየው ዓመቱን በቁጥር ባትነግርም በምን ላይ እንደወለደች አትስትም። ጊዜ አልጠፋባትም። ቁጥሩን መለጠፍ የመዝጋቢው ሥራ ነው፤ ስህተት ከገባ የገባው ከእሷ አፍ ወደ ቅጹ በሚሻገርበት ጊዜ ነው። «77» የሚለውን ቁጥር ለባዕድ አንባቢ ዝም ብለህ ብትሰጠው 1977 እ.ኤ.አ ብሎ ድርቁን በቀይ ሽብር ዘመን ላይ ያሳርፈዋል። «66» ብትለውም እንዲሁ፤ አብዮቱ የፈነዳው በፈረንጅ 1974 ነው።

እዚህ ላይ ሁልጊዜ የሚነሳ ሰው አለ፦ «ታዲያ ለምን የዓለሙን ተቀብለን አንገላገልም?» ምክንያታዊ ይመስላል። ይህ ሰው ግን ጠርሙሱ ላይ ያለውን ችግር ለመፍታት የመቶ ሚሊዮን ሰው ልደት፣ ውል፣ የመሬት ይዞታ ወረቀትና ሙት ዓመት በአንድ ቀን ይገለበጥ እያለ መሆኑን አላስተዋለም። ዛሬ በአንድ ጠርሙስ ላይ የሚደርሰው ስህተት ያን ቀን በየቀበሌው መዝገብ ቤት ይደርሳል። ብሪታንያ እ.ኤ.አ በ1752 አሥራ አንድ ቀን ብቻ ስትዘል ስንት ሕግ አስፈለጋት። ከዚያም በላይ፣ የኢትዮጵያ ዓመት የሚጀምረው ክረምቱ ሲወጣ ነው። ለቆሼ ገበሬ ጃንዋሪ 1 የምንም ነገር መጀመሪያ አይደለም።

ቆጠራውን ሳይነኩ የሚሠራ ነገር አለ፤ በከፊልም ተጀምሯል። የፋይዳ መታወቂያ የልደት ቀንን በሁለቱም ቆጠራ አትሟል። አንድ ካርድ ላይ ሁለት መስመር፤ አለቀ። ያ ካርድ ላይ ከተቻለ ትኬት ላይ ለምን አይቻልም? ከውጭ የሚገባ መድኃኒት ካርቶን ላይ አስመጪው የራሱን ስም የያዘ ወረቀት መለጠፍ ካላቃተው «ዓ.ም» የሚል ፊደል ያለበት አንድ መስመር መጨመር ምን ይሳነዋል? የመድኃኒትና የግብርና ግብዓት ተቆጣጣሪው መሥሪያ ቤት ይህን በአንድ ገጽ መመሪያ ሊያስገድድ ይችላል። ኮሚቴም፣ ጥናትም፣ የውጭ አማካሪም አይፈልግም። የሚፈልገው ጉዳዩን ቱሪስት ከሚስቅበት ቀልድ ለይቶ ሰው የሚጎዳበት ነገር አድርጎ ማየት ነው። አንድ አገር ራሷን «ጊዜ የቆመባት» ብላ እየሸጠች መለያ ምልክት አለመጻፏን እንደ ጉድለት ልታየው አትችልም፤ ግራ መጋባቱ የውበቷ አካል ሆኖ ተመዝግቧላ!

ቆሼ ያለ ባለሱቅ ግን መመሪያ እስኪወጣ መጠበቅ የለበትም። ዛሬ ከሰዓት ገበያው ጋብ ሲል መደርደሪያውን ያውርድ። የታተመው ዓመት 2025 ወይም ከዚያ በታች ከሆነ ዕቃው ያለቀለት ነው፤ አይሽጠው። 2026 ያለውን ወሩን ይይ። የቀረውን በፕላስተር ላይ በወፍራም እስክሪብቶ፣ በወር ስም፣ «እስከ ሰኔ 2019 ዓ.ም» እያለ ይጻፍበት፤ ገበሬው ቤቱ ወስዶ በባትሪ እንዲያነበው።